በስሜ ያልወጣው ፊልም

ጃንዋሪ 4

ፔሳሚኖ ፊልሜን ሰረቀኝ። ሌላ ስም የለውም። ወንድሜ "አለመግባባት" ይለዋል፤ ፓስተሩ "የወጣት ችኮላ" ይለዋል፤ ሚስቴ ምንም አትለውም። ስርቆት ነው።

ሟቹ ማላኪ የቱና ማጥመጃ ታንኳ ሲሠራ ሃያ ሁለት ዓመት ቀርጬዋለሁ። በዚህ ደሴት ላይ ሳንቃን ከሳንቃ በኮኮናት ገመድ እየሰፋ ታንኳ የሚያቆም የመጨረሻው ሰው እሱ ነበር። ዓምና ፔሳሚኖ "ሻጋታ ሳይበላው ኦክላንድ ወስጄ አስጸዳዋለሁ" ብሎ ጥቅልሎቹንም ካሴቶቹንም አንድ ሳይቀር ጫነ። ትናንት ዋና ከተማችን አፒያ ላይ አዳራሽ ተከራይቶ ለእንግዶች አሳየው። ማንም አልጠራኝም። በመርከብ ተሻግሬ ሄድኩና ከኋላ ተቀመጥኩ።

ካሜራ፣ ፔሳሚኖ። ዳይሬክተር፣ ፔሳሚኖ። ፕሮዲዩሰር፣ ፔሳሚኖ። የእኔ ስም መጨረሻ ላይ "እናመሰግናለን" ከሚለው ሥር፣ ኬክ ካቀረቡት ሴቶች ቀጥሎ አለ።

ከዚህ የባሰም አለ። ማላኪ እየሠራ ዝም የሚል ሰው አልነበረም። "አውኩሶ፣ ከብርሃኔ ዞር በል።" "አውኩሶ፣ ቆመህ ከምታፈጥ ያን ገመድ አቀብለኝ።" ቀኑን ሙሉ እንዲህ ነበር። በፊልሙ ውስጥ አንድም የለም። ስሜን የሚጠራበት ቦታ ሁሉ ተቆርጧል። ማላኪ ቀና ብሎ ወደኔ ያያል፣ አፉን ይከፍታል፣ ከዚያ ሙዚቃ ይገባል።

መብራት ሳይበራ ወጣሁ።

ጃንዋሪ 6

ለሚያነበው ሰው ሳይሆን ለራሴ ነው የምጽፈው፣ ነገሩ ኋላ ሲጣመም ቀጥ ብሎ የተጻፈ እንዲኖረኝ።

ፔሳሚኖ የሚስቴ የፉአቲኖ እኅት ልጅ ነው። እናቱ ለሥራ ኒውዚላንድ ስትሄድ እኛ ጋ ተወችው። የካሜራውን ስታንድ ተሸክሞ ከኋላዬ መሄድ የጀመረው ገና ከስታንዱ ሳይረዝም ነው። ሲቀርጽ ትንፋሹን እንዲይዝ፣ እግሩን እንዲያፍታታ፣ ሰው ሲያለቅስ ወደ ፊቱ እንዳይጠጋ ያስተማርኩት እኔ ነኝ። የመጨረሻውን ትምህርት አንድም ቀን በደንብ አልያዘውም።

ልጅ አልወለድንም። ይህ ከነገሩ ጋር አይገናኝም።

ጃንዋሪ 9

አፒያ ቴሌቪዥን ጣቢያ ደወልኩ። ፊልሙን በፋሲካ ሳምንት ሊያሳዩት ነው። የፕሮግራሙ ኃላፊ ቴዊላ የምትባል ሴት ናት፤ ድምፅዋ ጨዋ ነው።

"አባቴ፣ የቀረጹት እርስዎ ለመሆንዎ ምን ማስረጃ አለ?"

"ማላኪ ወዴት እንደሚያይ እዪ።"

"አልገባኝም።"

"ሰውዬው በፊልሙ ውስጥ ሃያ ሁለት ዓመት ያረጃል። ሲጀመር ፔሳሚኖ ገና ጥርሱ እየተነቀለ ነበር። ካሜራውን ማን የያዘው ይመስልሻል? አሳማው?"

ሳቀች። እኔ አልሳቅኩም። መልሳ ደወለችና ሁለቱ ቤተሰቦች እስኪስማሙ ድረስ ፊልሙ እንደማይታይ ነገረችኝ። ክርክር ያለበትን ነገር ጣቢያው አይነካም አለች።

ስለዚህ እኔ እምቢ እስካልኩ ድረስ አይታይም። የምፈልገው አንድ ነገር ነው። ካሜራ ከሚለው ቀጥሎ ስሜ ይጻፍ። ያን ዕለት እሺ እላለሁ።

ጃንዋሪ 13

ምስማር ልገዛ ወደ ወደቡ ወረድኩ። መርከቧ ገባች። ብዙ ሰው ወረደ።

ሱቅ ውስጥ ባለሱቁና አንዲት የፓስተሩ ዘመድ ከመደርደሪያው ወዲያ ያወራሉ። እኔ ከሩዝ ጆንያው ወዲህ ነበርኩ።

"ልጁ ባይወስደው መች ያልቅ ነበር?"

"በአውኩሶ ቢሆን የልጅ ልጆቻችን ናቸው የሚያዩት።"

"እነሱም መጀመሪያውን ብቻ።"

ተሳሳቁ። ምስማሩን ሳልገዛ ተመለስኩ።

ጃንዋሪ 20

ዝናብ። ስድስተኛ ቀኑ ይሁን ሰባተኛ አላውቅም። ሌንሶቹን አውጥቼ ጠረግኩ፤ በሁለቱ ላይ ሻጋታ እንደ ሸረሪት ድር ሮጧል።

ስለ መጀመሪያው ካሜራዬ ሳስብ ዋልኩ። ወጣት ሳለሁ የሚሽነሪዎቹን ፕሮጀክተር ተሸክሜ ከመንደር መንደር በአውቶቡስ እሄድ ነበር። መሬት ሊለካ የመጣ አንድ ኒውዚላንዳዊ ሲመለስ በቁልፍ የሚጠመዘዝ ካሜራ ትቶልኝ ሄደ። ፊልም ግን አልነበረውም፤ ፊልም የሚሸጥም አልነበረም። ለአንድ ዓመት ያለ ፊልም ቀረጽኩ። ቁልፉን እጠመዝዛለሁ፣ ዓሣ አጥማጆቹ ላይ አነጣጥራለሁ፣ መዘውሩ ይሽከረከራል፤ ውስጡ ባዶ ነው። ማታ ተኝቼ የቀረጽኩትን በጭንቅላቴ አያለሁ። የቱ እንደረዘመ፣ የቱ ላይ እጄ እንደተንቀጠቀጠ አውቃለሁ። ሰዎች አብዷል ይሉ ነበር። ፊልም ሲመጣልኝ አንድ ጥቅልል እንኳ አላበላሸሁም።

ከዚያ ለእርሻ ቢሮው ስለ ታሮ ተክል በሽታ ቀረጽኩ። ለውጭ ሰዎች ስለ ማዕበል፣ ስለ ሠርግ፣ ስለ ዓሣ ነባሪ ቀረጽኩ። እነሱ በባሕር ሕመም ጀልባ ውስጥ ተጋድመው ካሜራውን ይዤ የቆምኩት እኔ ነበርኩ። ስሜ አልወጣም፤ አልጠየቅኩም። ፊልሙ የእነሱ ነበር። የማላኪ የኔ ነው። ማንም አልቀጠረኝም፤ ማንም አልላከኝም። ፕሮዲዩሰር ማለት ምን እንደሆነ ሲጠይቁኝ "ሌሎች ሲተዉት የማይተወው ሰው" እል ነበር። ፔሳሚኖ ይህን ሰምቶ ኦክላንድ ላይ ለጋዜጣ እንደራሱ ቃል ተናግሮታል።

ጃንዋሪ 27

ወንድሜ ላፋኤሌ መጣ። የቤተሰባችን ማታይ እሱ ነው፤ ማዕረጉም የመጨረሻው ቃልም የእሱ ነው። ካካዎውን ጠጥቶ፣ ጉልበቱን አሽቶ፣ ስለ አሳማዎቹ አውርቶ አውርቶ ወደ ነገሩ ገባ።

"የልጁ አባት ወገኖች ሰው ልከዋል። ስምህን ከላይ እናድርገው ይላሉ። አማካሪ ብለው።"

"ማንን ነው ያማከርኩት?"

"ፊልሙን።"

"ፊልም አይማከርም።"

"አንተ ሰው፣ ከላይ ነው እኮ። ከኬኩ ሴቶች ጋር አይደለም።"

"ካሜራ የያዘ ካሜራማን ይባላል። ሌላ የሚባልበት አገር ካለ ንገረኝ።"

ላፋኤሌ ፉአቲኖን ዞሮ አያት። "እንዴት ነው አርባ ዓመት የቻልሽው?"

"ግማሹን ማላኪ ጋ ነው የኖረው" አለችው።

ሁለቱም ሳቁ። ሲወጣ ግን በሩ ላይ ቆሞ፣ ሳያየኝ፣ "መንደሩ ሰልችቶታል፤ እኔም ማታይ ነኝ" አለ።

ፌብሩዋሪ 3

ከጓሮ ስመለስ ፉአቲኖ ስልክ ታወራለች። እየሳቀች ነበር። ስታየኝ ሳቁ ፊቷ ላይ ቀረ።

"በልቷል ወይ ብዬ ነው" አለችኝ ስልኩን ዘግታ።

እጄን ታጠብኩ። ራቱን በላን። ሳህኑን ስታነሣ፣ "ሳሉ ለቀቀው?" አልኳት።

"ለቆታል።"

ኦክላንድ እርጥበቱ ኃይለኛ ነው። ደረቱ ከልጅነቱ ደካማ ነው። ይህን የምጽፈው ነገሩ ስለተነሣ ነው።

ፌብሩዋሪ 11

ነፋስ ከጠዋት። ማዕበሉ አቅጣጫውን ወደኛ አዙሯል ተብሏል።

ቆርቆሮው ከደቡብ በኩል ተነሣ። ሰዉ ሁሉ ቤተ ክርስቲያን።

ካሜራዎቹን አስገባሁ። ከዚያ ፉአቲኖን። "ቅደም ተከተሉን አይቻለሁ" አለች።

ፌብሩዋሪ 13

አለፈ። የሙዝ ተክል አንድም አልቆመም። የማላኪ ታንኳ የምታድርበት ጎጆ ወድቆ ታንኳዋን ለሁለት ከፍሏታል። ስፌቱ ያለበት ቦታ አልተፈታም፤ የተሰበረው ሳንቃው ነው። ማላኪ ቢኖር ይህን አይቶ ይኮራ ነበር።

አልቀረጽኩትም። ካሜራዬን ይዤ ሄጄ ነበር፤ ተመልሼ መጣሁ። አሁን ታንኳዋ ያለችው በፊልሙ ውስጥ ብቻ ነው። እሱም እኔ ጋ የለም።

ማላኪ ከመሞቱ በፊት ባለው ዓመት ጠይቆኝ ነበር።

"መቼ ነው የሚያልቀው?"

"ታንኳህ ሲያልቅ።"

"ታንኳው ካለቀ አራት ዓመቱ እኮ ነው፣ አውኩሶ።"

"ታንኳህን ባሕር ላይ ልቀርጽ፣ ባሕሩ አንድ ቀን እንደምፈልገው ቢረጋልኝ ነው።"

ባሕሩ ብዙ ቀን ረግቷል። ለምን እንዳልወጣሁ አላውቅም። ካበቃ በነጋታው የምሄድበት ቦታ እንደማይኖር አስቤ ይሆናል። ቢሆንም ያልጨረስኩት ነገር የኔ መሆኑ አይቀርም። ያልጨረሰ ሰው ይሰረቅ የሚል ሕግ የለም።

ፌብሩዋሪ 20

ወደብ። ለቆርቆሮው ምስማር። መርከቧ ዘገየች፤ ስትመጣ ፔሳሚኖ ወረደ።

ከስቷል። ጥሩ ጫማ አድርጓል።

"ጋሼ" አለኝ። ዱሮ አባባ ነበር የሚለኝ።

"ወዴት ነው?"

"ወደ አባቴ ሰዎች። ማዕበሉ ቤታቸውን ነክቶታል።" እጄን አየ። "ምስማር ነው የያዙት?"

"ምስማር ነው።"

መርከቧ ጎን፣ የታሮ ጆንያ የሚያወርዱ ሰዎች እያዩን ተነጋገርን። ለምን እንዳደረገው ጠየቅኩት። ገንዘብ የሰጡት ሰዎች የሚሰጡት የመጀመሪያ ፊልሙን ለሚሠራ ወጣት ብቻ ነው፤ ሁሉም ነገር የራሱ መሆን አለበት። ስሜን ካስገባ ውሉ ይፈርሳል አለኝ።

"ታዲያ በውሸት ወሰድክ" አልኩት።

"ባልወስድ ሻጋታ ይበላው ነበር።"

"ይብላው።"

"ማላኪንም ይብላው?"

ምስማሩን ወደ ሌላው እጄ አዛወርኩ።

"ድምፁን ለምን ቆረጥክ?"

"የቱን?"

"የቱን እንደሆነ ታውቃለህ።"

ጫማውን አየ። "ብዙ ጊዜ ነበር የሚጠራዎት" አለ። "እንደዚያ ብዙ መሆኑን አላውቅም ነበር። ስቆርጥ ነው ያወቅኩት።"

"አማካሪ የሚለውን አልቀበልም።"

"ሌላ ማድረግ አልችልም፣ ጋሼ።"

"እኔም አልችልም።"

ሻንጣውን አነሣ። ማሰሪያው ተበጥሶ በገመድ አስሮታል። ያ ቋጠሮ የማላኪ ቋጠሮ ነው፤ እኔ ያሳየሁት። ለፉአቲኖ ልጁን እንዳገኘሁት አልነገርኳትም። ሰዎች ነግረዋታል።

ፌብሩዋሪ 26

ከቴሌቪዥን ጣቢያው ደውለው፣ ፋሲካ እየደረሰ ስለሆነ እስከ ወር አጋማሽ ካልተስማማን ቦታውን ለሌላ እንደሚሰጡ ነገሩኝ። ስጡት አልኩ።

ላፋኤሌ ከሩቅ ሰላም ብሎኝ አለፈ። አልቆመም።

ማርች 2

ቅደም ተከተሉ እንዳይጠፋኝ አንድ በአንድ እጽፋለሁ።

ዛሬ ጠዋት ኢፎጋ የሚባለውን የይቅርታ ልመና አመጡብን። የፔሳሚኖ አባት ወገኖች፣ ሠላሳ የሚሆኑ ሰዎች፣ በሁለት የጭነት መኪና መጥተው በላፋኤሌ ትልቅ ቤት ፊት ለፊት፣ ሣሩ ላይ ተቀመጡ። ራሳቸውን ደፍተው፣ ከላያቸው የክብር ምንጣፋቸውን ተከናንበው፣ ቃል ሳይተነፍሱ። ከመካከል፣ ከትልቁ ምንጣፍ ሥር፣ የወገኑ ማታይ ሽማግሌው ሳካሪያ አለ። ሰማንያ አልፎታል፤ ደረጃ ሲወጣ ሁለት ጊዜ የሚያርፍ ሰው ነው። ከጎኑ ፔሳሚኖ።

በሕይወቴ ኢፎጋ ሦስት ጊዜ አይቻለሁ። ሁለቱ ነፍስ የጠፋባቸው ናቸው፤ ሦስተኛው ሰክሮ መኪና የነዳ ሰው ነው። በፊልም የተነሣ አይቼም ሰምቼም አላውቅም። ምንጣፉ ካልተነሣላቸው ቀኑን ሙሉ ይቀመጣሉ። ከተነሣላቸው ነገሩ ሞቷል፤ የበደለም የተበደለም ሁለተኛ አያነሣውም። ዘር አይወቅስበትም። በቴሌቪዥንም በፍርድ ቤትም፣ በአልጋ ላይም።

ይህን ሁሉም ያውቃል። ፔሳሚኖም ያውቃል።

የኛ ሽማግሌዎች ግድግዳ በሌለው ትልቅ ቤት ውስጥ በየምሰሶው ተደግፈው ተቀምጠዋል። እኔን ላፋኤሌ አጠገብ አስቀመጡኝ። ፉአቲኖ ከሴቶቹ ጋር ከኋላ ነበረች፤ ከምንጣፉም ሥር ከቤታችንም ውስጥ የእሷ ሰው አለ። ስታለቅስ ድምፅ አታሰማም።

"አውኩሶ" አለ ላፋኤሌ በዝግታ።

"ይቀመጡ" አልኩ።

"ሳካሪያ ነው እዚያ ሥር ያለው።"

"ማን እንዳለ አያለሁ። ይቀመጥ።"

ፀሐይዋ ወጣች። ማንም አልተንቀሳቀሰም። አንድ ውሻ መጥቶ የምንጣፉን ጠርዝ አሸተተና ሄደ። የሳካሪያ እጅ ከምንጣፉ ወጥቶ ሣሩን ጨበጠ።

"ሰው እንዲህ የሚቀመጠው ለደም ነው" አለ ላፋኤሌ። "እነዚህ ለሥዕል ተቀመጡልህ። ከዚህ በላይ ምን ይስጡህ?"

"ስሜን።"

"ስምህን የሚያውቅህ ሰው ሁሉ ያውቀዋል።"

"የሚያውቀኝ ሰው ያልቃል። ፊልሙ አያልቅም።"

ከሽማግሌዎቹ አንዱ ጉሮሮውን ጠረገ። ሌላው፣ "ሰውዬው ቢሞትብን ማን ሊቀመጥ ነው? እኛ" አለ። ላፋኤሌ ተነሣ። እኔን አልጠየቀኝም። ደግሞም እኔን መጠየቅ የለበትም፤ ምንጣፉ የመጣው ለእኔ ሳይሆን ለስማችን ነው። በቀስታ ወርዶ ሣሩን ተሻግሮ የምንጣፉን ጫፍ በሁለት እጁ ያዘና አነሣው።

ብርሃኑ ከጎን በሳካሪያ ፊት ላይ ወደቀ። በሽበቱ ላይ፣ በላቡ ላይ፣ በተዘጋው ዓይኑ ላይ። ያማረ ነበር። እንዲህ ያለ ብርሃን ፍለጋ ስንት ጠዋት ውኃ ውስጥ ቆሜአለሁ። ካሜራ ባልይዝም፣ ከልማዴ የተነሣ፣ እኔ ብሆን የት ቆሜ ነው የምቀርጸው ብዬ ቦታውን በዓይኔ ፈለግኩ። ከፓስተሩ አጥር ጥግ፣ ከዳቦ ፍሬው ዛፍ ሥር፣ ከወገብ ዝቅ ብሎ።

እዚያ አንድ ሰው ከወገቡ ዝቅ ብሎ ካሜራ ይዞ ነበር።

ኢፎጋ የሚመጣው ሳይነጋ፣ በጨለማ ነው። ያየኋቸው ሦስቱም እንደዚያ ነበሩ። እነዚህ ሰማዩ ከነጣ በኋላ ነው የመጡት። ሲመጡ ለሳካሪያ ደካማነት ብለው ነው ብዬ ነበር፤ ለካ ለብርሃኑ ኖሯል።

ፔሳሚኖ በጉልበቱ እየሄደ መጥቶ እግሬን ያዘ። ያለቅስ ነበር። ልቅሶውን አውቀዋለሁ፤ የውሸት ልቅሶና የእውነት ልቅሶ በሌንስ ውስጥ ስለይ ነው የኖርኩት። የእውነት ነበር። የሚከፋኝ ይህ ነው። ላፋኤሌ ይቅር ብለናል የሚለውን ንግግር ጀምሮ ነበር፤ ሽማግሌዎቹ "አሜን" ይላሉ። ያ ሰው ካሜራውን ሳያንቀጠቅጥ ያዘ። ትንፋሹን እንዴት እንደሚይዝ ያስተማረው አለ።

ልጁን አነሣሁት። ማንሣት ግዴታ ነው። አጥንቱ ይቆጠራል።

ማርች 3

ላፋኤሌ ጋ ሄድኩ። አሳማ ይቀልብ ነበር።

"ካሜራ ነበር" አልኩት።

"አይቼዋለሁ።"

"መቼ?"

"ሣሩን ስሻገር።"

"አይተህ አነሣህ?"

ባልዲውን አስቀመጠ። "የሳካሪያ ከንፈር ጠቁሮ ነበር፣ አውኩሶ። ካሜራ ስላለ ልመለስ? አንተን ሳስታርቅ ሰው ልግደል?"

አሳማዎቹ ባልዲውን ከበቡት።

"አሁን አፍህን ብትከፍት ፔሳሚኖን አይደለም የምታዋርደው። ያነሣሁት እኔ ነኝ። አንስቶ መልሶ የሚጥል ቤተሰብ ያደርጉናል፤ ከዚህ በኋላ ማንም ምንጣፍ ይዞ ወደዚህ ሣር አይመጣም፣ የኛም ልጅ ሲበድል ማንም አያነሣለትም። ይህን ትፈልጋለህ?"

"አልፈልግም።"

"እንግዲያው ባልዲውን አቀብለኝ።"

አቀበልኩት።

ማርች 9

ቴዊላ ደወለች።

"አባቴ፣ እንኳን ደስ ያለዎት። ሰምተናል። ፔሳሚኖ የፊልሙን አዲስ መጨረሻ ላከልን፤ እዚህ ቢሮ ያላለቀሰ የለም።"

"እሺ" አልኩ።

"እንግዲህ በፋሲካ ሳምንት ይታያል። የሚሉት ነገር አለ?"

አፌ ላይ ደርሶ ነበር። ዋጥኩት። መጠየቅም ማንሣት ነው።

"የለኝም" አልኳት።

ማርች 15

ፉአቲኖ ልጁን በሳምንት ሁለት ቀን ታወራዋለች፤ አሁን ጓሮ እስክወጣ አትጠብቅም። ስልኩን ወደኔ ዘርግታ "ሰላም በለው" ትለኛለች። ሰላም እለዋለሁ። እሱም ሰላም ይለኛል። ስለ ዝናቡ እንነጋገራለን። ከዚያ የምንነጋገረው የለም። ዱሮ ስለ አንዲት ጥላ ግማሽ ቀን እንከራከር ነበር።

"ከዚህ ይሻል ነበር?" አለችኝ ዛሬ። "ስትጣሉ?"

"ስንጣላ የምንለው ነበረን።"

የፋሲካ ሰኞ

በፓስተሩ አዳራሽ መንደሩ ሁሉ ተሰብስቦ አየ። ከፊት ወንበር አስቀመጡኝ፤ እምቢ ማለት ነገር ማንሣት ይመስላል ብዬ ተቀመጥኩ።

አቆራረጡ ጥሩ ነው። ይህን ያወቅኩት በጃንዋሪም ነው፤ አልጻፍኩትም። የማላኪ እጅ ሳንቃውን ሲዳስስ የማያልቅ እስኪመስል ቆይቶበታል። እኔ ብሆን እንደዚያ አልቆይም ነበር፤ መቆየቱ ልክ ነው። ሴቶቹ ማላኪ ሲስቅ ሳቁ። ሚስቱ፣ አሮጊቷ፣ ስክሪኑን በጣቷ ነካችው።

ከዚያ አዲሱ መጨረሻ መጣ። ሣሩ። ምንጣፉ። የሳካሪያ እጅ። ሥዕሉ ላይ የኛ ቤት ምሰሶዎች ጥቁር ሆነው ይታያሉ፤ ውስጥ ያለ ሰው አይለይም። ድምፅ ግን አለ፤ ጥርት ብሎ። ማይኩ ከምንጣፉ ሥር ነበር ማለት ነው።

"ይቀመጡ።" ከዚያ፣ "ይቀመጥ።"

የእኔ ድምፅ ነው። "ስሜን" ያልኩት የለም። ላፋኤሌ የሰጠኝ መልስ የለም። ምንጣፉ ተነሣ፣ ብርሃኑ ወደቀ፣ ልጁ የአንድ ሽማግሌ እግር ይዞ አለቀሰ፤ የሽማግሌው ጀርባ ነው የሚታየው። ጀርባዬ ነው። በነጭ ፊደል "ለአሳዳጊ አባቴ" ይላል። ስም የለውም።

ሃያ ሁለት ዓመት በቀረጽኩት ፊልም ውስጥ እኔ ያለሁት በዚህች ነው።

ሰዉ አጨበጨበ። እየመጡ ጨበጡኝ። "ልብህ ትልቅ ነው" አለኝ ባለሱቁ። የማላኪ ሚስት ብቻ አልጨበጠችኝም፤ አጠገቤ ቆማ ቆየችና "ድምፁን ባሰሙኝ ኖሮ" አለች። ሙዚቃው የበዛባት መስሎኝ ነበር። እሷ ያለችው ግን ማላኪ እኔን ሲጠራ ያለውን ድምፅ ነው፤ ዓይኗ ነገረኝ። ወደ ቤቷ ሸኘኋት።

ኤፕሪል 19

ሱቅ ውስጥ አንድ ጎረምሳ ወንበር ላይ ግማሽ ቁጢጥ ብሎ፣ "ጋሼ አውኩሶ፣ ልቀመጥ ወይስ ልነሣ?" አለኝ። ጓደኞቹ በሳቅ ፈረሱ። ክፋት የለውም። አሁን የሚያውቁኝ በዚህ ነው።

"እንደፈለግህ" አልኩት። ምስማሬን ገዝቼ ወጣሁ።

ኤፕሪል 30

ሌንሶቹን ለትምህርት ቤቱ ሰጠሁ። አስተማሪው ለልጆቹ አንድ ቀን እንዳስተምርለት ለመነኝ። የማስተምረው የለኝም አልኩት። ፉአቲኖ ይህን ሰምታ ራት አልበላችም።

ሜይ 8

ከኦክላንድ ዩኒቨርሲቲ አንዲት ሴት መጣች። ሉሳ ትባላለች፤ ወላጆቿ ከዚህ ደሴት ናቸው። ስለ ሳሞዋ ፊልም ሠሪዎች መጽሐፍ እየጻፈች ነው። ካሜራ፣ መብራት፣ ሁሉን ይዛለች። በጠረጴዛዬ ላይ ዘረጋችው።

"አባቴ፣ ሰዎች ጠይቄአለሁ" አለችኝ። "የማላኪን ፊልም የቀረጹት እርስዎ ነዎት የሚሉ አሉ። እዚህ ተቀምጠው አንድ ጊዜ ይንገሩኝ። እጽፈዋለሁ። በመጽሐፍ ይወጣል፤ ማንም አይፍቀውም።"

መብራቱን አበራችው። ቀይዋ ነጥብ በራች። ፉአቲኖ ከጓዳው በር ቆማ ትጠብቃለች፤ ጨርቅ በእጇ ጨምድዳ ይዛለች። ላፋኤሌ የለም። ሳካሪያ ባለፈው ሳምንት ተቀብሯል። ሌላ ማንም አይሰማም ነበር።

"ካሜራው ማን ጋ ነበር?" አለች ሉሳ። "ይህን ብቻ ይመልሱልኝ።"

"ፊልሙ ላይ ተጽፏል።"

"የተጻፈው እውነት ነው?"

"ምንጣፉ ተነሥቷል፣ ልጄ።"

የሳሞዋ ልጅ ናት፤ ገባት። ቀይዋን ነጥብ አጠፋች። ዕቃዋን ስትሰበስብ እጇ ቀርፋፋ ነበር፤ ሐሳቤን እንድለውጥ ጊዜ እየሰጠችኝ ነበር። ስታንዷን አጠፍኩላት። በሩ ድረስ ሸኘኋት። ፉአቲኖ ምግብ አቅርባ ሦስታችንም የምንበላ መስሏት ነበር፤ ሁለታችን በላን።

"ለእሷ እንኳ?" አለችኝ።

"ለእሷ እንኳ።"

"ለእኔስ?"

አልመለስኩላትም፤ መልሱ ያው ነው። ስለዚህ ነገር ከዛሬ በኋላ አንድ ቃል አልናገርም። ለሚስቴም፣ ለልጁም፣ ለሚጠይቀኝ ሁሉም፣ ለዚህ ወረቀትም።